ስምንት ዓመት ኖሮ ሃያ ዓመት የተረከው ቄስ

ኤገርተን ራይርሰን ያንግን ብዙ ሰው አያውቀውም። እኔም ኑሮዬ ዊኒፔግ ባይሆን ኖሮ ስሙን የምሰማ አይመስለኝም። በ19ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ ካናዳዊ የሜቶዲስት (ከፕሮቴስታንት ወገኖች አንዱ) ቄስ ነው። እኔ ከምኖርበት ከተማ ወደ ሰሜን ሄዶ፣ ማዶው የማይታየውን የዊኒፔግ ሐይቅ ተሻግሮ፣ የአገሩ ነባር ነዋሪዎች ከሆኑት ከክሪና ከኦጂብዌ ሕዝቦች ጋር ከ1868 እስከ 1876 ኖረ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ስምንት ዓመት መሆኑ ነው። ከዚያ ወደ ኦንታሪዮ ተመለሰና እንደማንኛውም ቄስ ከአንዱ አጥቢያ ወደ ሌላው እየተዘዋወረ አገለገለ። በ1888 ይህንንም ተወው። ከዚያ ወዲያ እስኪሞት ድረስ፣ ከሃያ ዓመት በላይ፣ ዋና ሥራው እነዚያን ስምንት ዓመታት መተረክ ሆነ። በአዳራሽ ተረካቸው። በመጽሐፍ ተረካቸው። ለአዋቂ ተርኮ ሲጨርስ ደግሞ ለልጆች ተረካቸው።

መጻሕፍቱ ግማሽ ስብከት፣ ግማሽ ጀብዱ ናቸው። አንዱ ገጽ ላይ ሰው ሲጠመቅ ታያላችሁ፣ ገጹን ስትገልጡ ውሾች የሚጎትቱት ተንሸራታች በበረዶ አውሎ ነፋስ ውስጥ መንገድ ስቶ ይጠብቃችኋል። የመጀመሪያው በ1890 ለንደን ታተመ፤ በታንኳና በውሻ ተንሸራታች ያደረጋቸውን ጉዞዎች የሚተርክ ነው። ከዚያ በኋላ ለወንድ ልጆች የተጻፈ የጫካ ጀብዱ አለ፣ የወንጌል ሰው የሕይወት ታሪክ አለ፣ ስለ ውሾቹ ብቻ የጻፈው አለ። ዛሬ ብዙዎቹን የሚያነባቸው የለም ማለት ይቻላል። እኔ ግን ወድጃቸዋለሁ፣ ተናድጄባቸዋለሁም። ሁለቱንም ልንገራችሁ።

የወደድኳቸው በዚህ ምክንያት ነው። የጀብዱ መጽሐፍ የሚጽፍ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ጀግናው ራሱ ነው። ያንግ ግን ጥሩ ጥሩዎቹን ገጾች ስታነቡ ጀግናው እሱ አይደለም። እሱ የሚቀዘፍለት፣ እሳት የሚነድለት፣ ሲተኛ ብርድ ልብስ የሚጠቀለልለት ሰው ነው። ሊያድን ሄዶ ስምንት ዓመት ሙሉ ሌሎች ሲያድኑት ኖረ። ይህን ደግሞ አልደበቀም። ጻፈው።

ከመጀመሪያው ልነሳ። ያንግ በ1840 የዛሬዋ ኦንታሪዮ ውስጥ ተወለደ፤ አባቱም የሜቶዲስት ቄስ ነበር። ስሙ የወጣለት በኤገርተን ራይርሰን ነው፤ በዘመኑ በካናዳ ሜቶዲስቶች ዘንድ ከሱ በላይ ስም ያለው ሰው አልነበረም። (ይህን ስም ያዙት፣ ኋላ እመለስበታለሁ።) ልጁ በ1867 ቄስ ሆነ፣ በዚያው ዓመት በገና ዕለት ኤልሳቤጥ ቢንግሃም የምትባል ልጅ አገባ፣ ሃሚልተን ከተማ በሚገኝ ደህና ቤተክርስቲያን ተመደበ። ሁሉ ነገር ሰምሮለት ነበር። የሚቀጥለው ዓመት መጀመሪያ ላይ ደብዳቤ መጣ። ሰሜን ያለው ኖርዌይ ሃውስ የሚባል የሚሲዮን ጣቢያ ሰው ይፈልጋል፣ ትሄዳለህ ወይ የሚል ነው።

ያንግ ደብዳቤውን አንብቦ ምንም ሳይል ለሚስቱ ሰጣት። ካገቡ ገና ወራት ቢሆናቸው ነው። ምን ማለት ነው ብላ ጠየቀችው። ተንበርክከው ጸለዩ። ሲነሱ መልሱን ቀድማ የተናገረችው እሷ ናት፦ ከእግዚአብሔር ይመስለኛል፣ እንሄዳለን። ብዙ ሰው ይህን ታሪክ የሱ ታሪክ አድርጎ ነው የሚያነበው። እኔ ግን ገና በመጀመሪያው ምዕራፍ ውሳኔው ከማን አፍ እንደወጣ ልብ በሉልኝ እላለሁ።

መንገዱ ከሁለት ወር በላይ ፈጀ። በባቡርና በመርከብ እስከሚቻለው ሄዱ፣ ከሚኒሶታ ወዲያ ግን ሐዲድ የለም። ሜዳውን በፈረስ ጋሪ አቋርጠው ፎርት ጋሪ ደረሱ። ፎርት ጋሪ ማለት የዛሬዋ ዊኒፔግ መነሻ ናት፤ የድንጋይ በሯ እስካሁን መሀል ከተማ ቆማለች፣ በአጠገቧ ባለፍኩ ቁጥር እነሱን አስባለሁ። ከዚያ ወደ ሰሜን ያለው ጉዞ በጀልባ ነው። ክፍት ጀልባ፣ ስምንት የክሪ ቀዛፊዎች፣ ጭነት እስከ አፍ ጢሙ። ከጭነቱ መካከል አንድ በሬ ነበረ። በሬው ጀልባዋን ከጎን ወደ ጎን ሞልቶ ቆሟል፣ ጭንቅላቱ በአንድ ወገን፣ ጅራቱ በሌላው። ሙሽሮቹ እዚያው በሬው አጠገብ ተቀመጡ። በዚያ ሐይቅ ማዕበል፣ ከዚያ በሬ ጋር፣ ሌሊት ዳር እየወጡ ድንኳን ውስጥ እያደሩ ኖርዌይ ሃውስ ገቡ።

ጀልባዋን የመራው ትልቁ ቶም የሚሉት ሰው ነው፣ የክሪ ስሙ ማማኖዋቱም። ቁመቱ ረጅም፣ ነገሩ የረጋ ሰው። ያንግ ስለዚህ ሰው ደጋግሞ ይጽፋል። በኋላ ሕዝቡ ከመንግሥት ጋር ለሚያደርገው ስምምነት አለቃ መምረጥ ሲያስፈልገው የሁሉም ዓይን ትልቁ ቶም ላይ አረፈ። ቶም አስቤበት፣ ጸልዬበት ልምጣ አለ። በማግስቱ መጥቶ እንቢ አላቸው። ሹመቱ ልቤን ከያዝኩት መንገድ ያወጣብኛል ብሎ ነው የተወው። ዴቪድ ራንድል የሚባል ሌላ ሰው ተመረጠ። ያንግ ይህን ሲጽፍ መደነቁ ያስታውቃል። ሥልጣን በእጁ መጥቶ የመለሰ ሰው በዓይኔ አየሁ ነው የሚለው፣ በሌላ አነጋገር።

አሁን ብርዱን ላውራ፤ ስለ ብርድ መጻፍ የሚችል ሰው ነውና። ከዜሮ በታች 40 ማለት እዚህ ለኖረ ሰው ይገባዋል፤ እዚያ ላይ ሲደርስ ሴልሺየስም ፋራናይትም አንድ ይሆናሉ። ያንግ በዚያ ብርድ ድንኳን እንኳ ሳይኖር ሜዳ ላይ ነው የሚያድረው። ሰዎቹ የበረዶ መራመጃ ጫማቸውን አውልቀው እንደ አካፋ ይዘው በረዶውን ይዝቃሉ። የተዛቀው በረዶ በሦስት ወገን እንደ ግንብ ይቆለላል። ወለሉ ላይ የጥድ ቅርንጫፍ ይነጠፋል፣ ፊት ለፊት ግንድ ይነዳል። ውሾቹ በቀን አንዴ፣ ማታ ማታ፣ ሁለት ሁለት ዓሣ ይሰጣቸዋል፤ ዓሣው እንደ ድንጋይ ስለሚደርቅ መጀመሪያ እሳት አጠገብ ይቀልጣል። ሰዎቹም ይበላሉ፣ ሻይ ይጠጣሉ፣ መዝሙር ይዘምራሉ። ከዚያ መኝታ።

መኝታው ላይ ነው ታሪኩ። መንገድ መሪው ቄሱን እንደ ሕፃን ይጠቀልለዋል። ብርድ ልብሱንና ፀጉራሙን ቆዳ ከእግሩ ጀምሮ እያጠፈ፣ እየጠቀጠቀ፣ ራሱን ሁሉ ይሸፍነዋል። ክሪዎቹ ተሸፋፍነው መተኛት ለምደውታል። እሱ አልቻለም፣ ትንፋሽ አጠረው። አንድ ሌሊት በእንቅልፍ ልቡ ሽፋኑን ገፈፈ። ቆይቶ ነቃ ሲል የመጥረቢያ እጀታ የመሰለ ነገር ይዞ እየጎተተ ነው። ይጎትታል፣ አይመጣም። ደህና ሲነቃ የሚጎትተው የገዛ አፍንጫው ነው። ደርቆ ድንጋይ ሆኗል። ሁለቱ ጆሮዎቹም እንደዚያው።

ይህን ታሪክ መድረክ ላይ ሲያወራው ሰው መሳቁ አይቀርም። እኔን ግን የሚይዘኝ ሌላው ክፍል ነው። ሰው ቀን ሙሉ በበረዶ ላይ ሮጦ፣ ደክሞት፣ የራሱን መኝታ ሳያይ መጀመሪያ እንግዳውን ሸፋፍኖ ያስተኛል። ያ ሰው ደመወዝ የሚከፈለው መንገድ ለመምራት ነው፣ ብርድ ልብስ ለመጠቅጠቅ አይደለም።

መንገድ መምራቱም ራሱን የቻለ ጥበብ ነው። መንገድ የሚባል ነገር የለማ። በረዶ ነው፣ ሐይቅ ነው፣ ጫካ ነው፣ ሁሉም ነጭ። መሪው ከፊት ይሮጣል፣ ውሾቹ ይከተሉታል፣ ፀሐይዋ በረዶው ላይ ስታንጸባርቅ ዓይን ስለምታሳውር አንዳንዴ ሌሊቱን በኮከብ ይጓዛሉ። ያንግ የተማረ ሰው ነው፣ መጽሐፍ ያውቃል፣ እዚያ ላይ ግን ምንም አያውቅም። ይህን ያምናል። ያንን ምዕራፍ ሳነብ ማን ማንን አስተማረ የሚለው ጥያቄ ከጭንቅላቴ አልወጣም።

ስለ ሳሙኤል ፓፓነኪስ ደግሞ ሳልነግራችሁ ማለፍ አልችልም። በ1870 አካባቢ በምዕራቡ ሜዳ፣ በሳስካቼዋን ወንዝ ዳር፣ ፈንጣጣ ገባ። ብዙ ሕዝብ ጨረሰ። እዚያ ያሉት ሰዎች ስንቅም ቁሳቁስም ተቋረጠባቸው፣ በሽታውን ፈርቶ የሚሄድላቸው ጠፋ። ያንግ የኖርዌይ ሃውስን ክሪዎች ሰብስቦ ነገሩን አስረዳቸው። እዩልኝ፣ አደጋ አለው፣ ቤተሰብ አላችሁ። እነሱም ተመካክረው እንሄዳለን አሉ፤ አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ፣ ከመሄዳችን በፊት ቅዱስ ቁርባን እንውሰድ። ወደ 20 የሚሆኑ ጀልባዎች ተጫኑ፣ እያንዳንዳቸው ስምንት ስምንት ሰው ይዘው። መሪው ሳሙኤል ነበር። በበሽታው መሀል አልፈው፣ ጭነቱን አድርሰው፣ ሁሉም በሰላም ተመለሱ። ሳሙኤል ግን ሌሊት ከቀን ሲጠብቃቸው፣ ከታመመው ሰፈር ሲያርቃቸው፣ አንዱም እንዳይነካው ሲጨነቅ ራሱን ጨርሶ ነበር። ከዚያ ጉዞ በኋላ ጤና አላገኘም፣ ብዙም ሳይቆይ ሞተ።

ይህ ሰው የትኛው የካናዳ ታሪክ መጽሐፍ ላይ ነው ያለው? እኔ ያገኘሁት እዚህ አቧራ የጠጣ የሚሲዮን መጽሐፍ ውስጥ ነው። ያንግ ባይጽፈው ከዘመዶቹ ውጭ ላሉ አንባቢዎች ጠፍቶ ይቀር ነበር። ስለዚህ ነው የቄሱን መጻሕፍት በቀላሉ አውጥቼ መጣል የማልችለው።

ወደ ውሾቹ ልምጣ። ያንግ ውሻ ይወዳል፣ ፍቅሩም ከልብ ነው። ሰሜን የነበሩት ተኩላ መሳይ ውሾች ሌቦችና ተናካሾች ሆነው ስላስቸገሩት ሃሚልተን ላሉ ወዳጆቹ ደብዳቤ ጻፈ። ሳንፎርድ የሚባለው ሀብታም ነጋዴ፣ በኋላ ሴናተር የሆነው፣ ሁለት ምርጥ ውሾች ላከለት። አንዱ ጃክ ይባላል፣ ሴንት በርናርድ የሚሉት ግዙፍ ዝርያ ነው፤ ሁለተኛዋ ከፊ ትባላለች፣ ዝርያዋ ኒውፋውንድላንድ ነው። ከነሱ ሌላ መንገድ የማይስተው ቮያጀር አለ። ሮቨር ደግሞ የቆሰሉትን ውሾች እየዞረ ቁስላቸውን ይልሳል፣ ሐኪም ይሉታል። እያንዳንዱን ውሻ ልክ እንደ ሰው ነው በጠባዩ የሚተርከው።

አንድ ጊዜ ያንግና አሌክ የሚባል ወጣት ክሪ ሐይቁ ላይ እያሉ አውሎ ነፋስ ያዛቸው። ፊት ለፊት ያለው ውሻ እንኳ አይታይም። ሰሜን የት ነው፣ ደቡብ የት ነው፣ የሚያውቅ የለም። ያንግ ወደ ጃክ ጠጋ ብሎ እንደ ሰው አናገረው፦ ጠፍተናል፣ ያለንህ አንተ ነህ። ከዚያ ሁለቱም ተጠቅልለው ተንሸራታቾቹ ውስጥ ገቡ፣ ነገሩን ለውሻው ሰጡት። ጃክ ሰዓታት ሙሉ በጨለማ ጎትቶ አደረሳቸው።

ይህን የመሰለ ታሪክ የምታውቁ ከመሰላችሁ አልተሳሳታችሁም። የውሾቹ መጽሐፍ በ1902 ወጣ። በ1903 አሜሪካዊው ደራሲ ጃክ ሎንደን ዓለም ያወቀለትን የሰሜን ውሻ ልብ ወለድ አሳተመ። በ1907 አንድ የአሜሪካ መጽሔት ሁለቱን መጻሕፍት ጎን ለጎን አስቀምጦ ሎንደን ከያንግ ሰርቋል ወይ ብሎ ጠየቀ። ሎንደን አልካደም። መጽሐፉን እንደ ምንጭ ተጠቅሜበታለሁ፣ ራሱ ያንግም እንዲያውቅ ጽፌ አመስግኜዋለሁ አለ። እውነተኛ ታሪክ ለልብ ወለድ መነሻ ቢሆን ምን ነውር አለው የሚል ነው ክርክሩ።

እኔ ሎንደንን ሌባ ለማለት አልደፍርም። ልብ ወለዱ የራሱ ጉልበት አለው። ግን ሁለቱን አከታትላችሁ ብታነቡ አንድ ልዩነት ይታያችኋል። የሎንደን ውሻ ሰውን ትቶ ወደ ተኩላዎቹ ይሄዳል፤ ጫካው ይጠራዋል። የያንግ ውሾች ማታ ወደ ቤት ነው የሚመለሱት። ኩሽና ውስጥ ከሠራተኛዋ ጋር ይጣላሉ፣ ሕፃናት ጀርባቸው ላይ ይወጡባቸዋል፣ ዓሣቸውን ይጠብቃሉ። ዓለም የመረጠው የመጀመሪያውን ነው። እኔ ሁለተኛውን እወዳለሁ፤ ውሻ አሳድጎ የሚያውቅ ሰው የጻፈው ነውና።

አሁን ደግሞ አማርኛ አንባቢን በተለይ ይነካዋል ብዬ የማስበው ነገር። ያንግ የሄደበትን የኖርዌይ ሃውስ ጣቢያ በ1840 ያቋቋመው ጄምስ ኢቫንስ የሚባል ሌላ የሜቶዲስት ሰባኪ ነው። ከስሙ ጋር የክሪ ፊደል አብሮ ይነሳል። ፊደሉን ስታዩት የራሳችሁን ቤት ታዩታላችሁ፤ አንዱ ምልክት ተነባቢውንና አናባቢውን አብሮ ይይዛል። እኛ ለአናባቢው እግር እንቀጥላለን፣ አንገት እናጥፋለን። እነሱ ያንኑ ቅርጽ ያዞሩታል። ወደ ላይ፣ ወደ ታች፣ ወደ ግራ፣ ወደ ቀኝ። ዘጠኝ ቅርጽ፣ አራት አቅጣጫ፣ በቃ። በጥቂት ቀን ማንበብ ይቻላል። ማተሚያ አልነበረውምና ኢቫንስ ከሻይ ሳጥን ገበር ላይ እርሳስ አቅልጦ ፊደል ቀረጸ፣ ቀለሙን ከጥላሸትና ከዓሣ ዘይት በጠበጠ፣ ለወረቀት የበርች ዛፍ ልጣጭ ተጠቀመ፣ በአካባቢው ፀጉራም ቆዳ ይነግድ የነበረውን የሃድሰን ቤይ ኩባንያ የቆዳ መጭመቂያ ማተሚያ አደረገው። ከዚያ ሕዝቡ ራሱ ለራሱ ተቀባበለው። ፊደሉ ሚሲዮናውያን ካልደረሱበት ቦታ ቀድሞ ደረሰ። ዛሬም ድረስ ይጻፍበታል። በክሪ ሽማግሌዎች ዘንድ ደግሞ ሌላ ታሪክ አለ፤ ፊደሉ ሚስታናስኮዌው ለሚባል ሰው ከመንፈሳዊው ዓለም የተሰጠ ነው ይላሉ። ፊደሉን እንደዚያ የራሳቸው አድርገው የያዙበት ምክንያት ለኔ በደንብ ይገባኛል።

ያንግ በ1899 የኢቫንስን የሕይወት ታሪክ ጻፈ። የሰሜን ሐዋርያ ይለዋል። እዚህ ላይ ከሱ ጋር አልስማማም። ኢቫንስ በ1846 በሚሲዮኑ ካሉ ልጃገረዶች ጋር በተያያዘ በከባድ ነውር ተከሶ ነበር፤ ለጥያቄ ወደ እንግሊዝ ተጠርቶ ሄደና በዚያው ዓመት እዚያው ሞተ። ያንግ የወዳጅ ጠበቃ ሆኖ ነው የጻፈው። የሚያከብረውን ሰው መመርመር ሲያቅተው ይታያል። ሐዋርያ ለማለት ሲቸኩል ልጃገረዶቹን ረሳቸው።

የተናደድኩበት ይህ ብቻ አይደለም። ክሪዎችን እንዲህ አክብሮ የሚጽፍ ሰው ሁለት ገጽ ሳይሄድ የአባቶቻቸውን እምነት ጨለማ ይለዋል፣ ከበሯቸውን የዲያብሎስ ያደርገዋል። ከበሮው ስለሚለው ነገር ግን አንድም ቀን በቅጡ አልጠየቀም። የአንባቢዎቹን ልብ ለመንካት ሲል ደግሞ ያልተጠመቀውን ሁሉ ጨካኝ፣ የተጠመቀውን ሁሉ መልአክ የሚያደርግበት ጊዜ አለ። እነ ሳሙኤል ግን ደግነታቸውን ከየት አመጡት? ከስብከቱ ብቻ ነው? እንግዳን ጠቅልሎ ማስተኛት ከቄሱ በፊት የነበረ ነገር ነው።

ስሙን ያዙት ያልኳችሁ ራይርሰንም እዚህ ይመጣል። ያንግ ስሙን የወሰደበት ያ ትልቅ ሜቶዲስት በ1847 ለመንግሥት የጻፈው ሐሳብ የአገሬው ልጆች ከቤተሰብ ተለይተው በአዳሪ ትምህርት ቤት እንዲማሩ የሚል ነበር። ያ ሐሳብ በኋላ ከ150 ሺህ በላይ ልጆች ያለፉበት ሥርዓት ሆነ። ልጆች ከእናት እቅፍ ተወሰዱ፣ ቋንቋቸውን ሲናገሩ ተቀጡ፣ ብዙዎች ሳይመለሱ ቀሩ። ሜቶዲስቶች ኖርዌይ ሃውስ ላይም እንዲህ ያለ ትምህርት ቤት ከፍተው ነበር፣ ያንግ ከሄደ ከብዙ ዓመት በኋላ። ሜቶዲስቶች በ1925 የገቡበት የካናዳ ኅብረት ቤተክርስቲያን በ1986 የአገሬውን ሕዝቦች ይቅርታ ጠየቀ፣ በ1998 ደግሞ ስለ አዳሪ ትምህርት ቤቶቹ ለብቻው ይቅርታ ጠየቀ። ቶሮንቶ ከተማ ያለው፣ በራይርሰን ስም ይጠራ የነበረው ዩኒቨርሲቲም በ2022 ስሙን ቀየረ። ያንግ ያንን ትምህርት ቤት አልከፈተም። ነገር ግን መጻሕፍቱ ለሚሲዮን ገንዘብ የሚሰጠውን ሰው ልብ ሲያሞቁ ኖረዋል፣ ገንዘቡም መንገዱን አግኝቷል። ይህን ሳይናገሩ ስለሱ መጻፍ ለኔ ልክ አይመስለኝም።

ራሱ የመዘገበው አንድ ጥያቄ አለ፣ እስካሁን ከአእምሮዬ አይወጣም። ወደ ኔልሰን ወንዝ ወገን፣ ከሱ በፊት ሰባኪ ያላዩ ሰዎች ዘንድ ሄዶ ሰበከ። እግዚአብሔር የሁላችን አባት ነው አለ። አንድ ሽማግሌ ተነሥተው ጠየቁት። የኛም አባት ነው? አዎ። ያንተም የነጩ ሰው? አዎ። እንግዲያስ ወንድማማቾች ነን ማለት ነው? አዎ ነን። ሽማግሌው ዝም አሉና ቀጠሉ። ልናስቀይምህ አንፈልግም፤ ግን አንተ ነጩ ወንድማችን ይህን ትልቅ መጽሐፍ ይዘህ እስክትመጣ ለምን ይህን ያህል ቆየህ? ያንግ መልስ መስጠት እንደከበደው ይናገራል። ይህን ታሪክ በየአዳራሹ ሲያወራው አድማጩ የሚሰማው "ሚሲዮናውያን ቶሎ ይላኩ" የሚለውን ነው። እኔ የምሰማው ሌላ ነው። ሽማግሌው ወንድም ነን ያሉትን ቃል እንደ ቃል ኪዳን ነው የያዙት። ወንድም ከሆንክ ድርሻ አለ፣ ግዴታ አለ። ዊኒፔግ ሐይቅ ዳር ባለችው ቤረንስ ሪቨር በነበረው የሜቶዲስቶች ትምህርት ቤት ውስጥ መስከረም 1875 መንግሥት የመሬት ስምምነት ሲያስፈርም ከወንድምነቱ ምን ያህሉ ወረቀቱ ላይ ነበር?

በመጨረሻ ኤልሳቤጥ። በሱ መጻሕፍት ውስጥ ስሟ ሚስስ ያንግ ነው፣ ደግ፣ ታጋሽ፣ ከበስተኋላ የምትታይ። እሱ ለሳምንታት በተንሸራታች ሲሄድ ቤቱን፣ በሽተኛውን፣ እንግዳውን፣ ልጆቹን የያዘችው እሷ ናት። ቤቱ ውስጥ ለወራት በሳምንት 21 ጊዜ፣ ቁርስ ምሳ እራት፣ ዓሣ ነበር የሚበላው፤ ዓሣውን በየዓይነቱ የሠራችው ማን ይመስላችኋል? ያንግ በኔልሰን ወንዝ ጉዞው እግሩ የተጎዳ አንድ ልጅ አግኝቶ፣ እኛ ጋ ብትሆን አስተምርህ ነበር ብሎት ተመለሰ። በሚቀጥለው ዓመት ልጁ በታንኳ መጥቶ በራቸው ላይ ቆመ። ሳንዲ ሃርት ይባላል። አጥባ፣ አልብሳ፣ ከልጆቿ ጋር ያሳደገችው ኤልሳቤጥ ናት፤ አድጎ ለወገኖቹ አስተማሪ ሆነ።

እሷንም ብቻዋን አልተወቻትም አንዲት ሴት። ትንሿ ሜሪ ትባላለች፣ ክሪ ናት። በ1869 የተወለደውን የያንጎችን የመጀመሪያ ልጅ ኤዲን አዝላ ያሳደገችው እሷ ናት። ልጁን አሞላቃዋለች፣ ወላጆቹ ሊቀጡት ሲሉ ትደብቀዋለች፣ ክሪኛ በሷ አፍ ነው የተማረው። ክሪዎቹም ሳጋስታኦኬሙ ብለው ስም አወጡለት፣ የፀሐይ መውጫው ጌታ እንደማለት። በ1873 ደግሞ ኤልሳቤጥ ከልጆቿ ጋር በክፍት ጀልባ ሐይቁን ወደ ደቡብ ስታቋርጥ ትንሿ ልጇ ኔሊ በፀሐይ ሙቀት ታመመችባት። ሐኪም የለም፣ ጥላ የለም፣ ውኃ ብቻ። ልጅቷ በዚያ ጉዞ ሞተች። እንግዲህ ከብርዱ ሁሉ ተርፈው፣ ከ40 በታች ተርፈው፣ የወሰደባቸው የበጋ ፀሐይ ነው። ያንግ ይህን ጽፎታል፣ ግን አጭር ነው። ብዙ ማለት የቻለ አይመስለኝም። ሦስት ዓመት ቆይተው በኤልሳቤጥ ሕመም ምክንያት ሰሜኑን ለቀቁ።

ያንግ ከዚያ በኋላ በካናዳ፣ በአሜሪካና በእንግሊዝ እየዞረ ተረከ። በ1909 ብራድፎርድ፣ ኦንታሪዮ ውስጥ ሞተ፤ የኤልሳቤጥ የትውልድ አገር ናት። የእሷ የራሷ ትዝታ ግን በወረቀት ተቀምጦ ቆየ። ትልቁ ልጅ ኤዲም እንደ አባቱ ቄስ ሆነ፣ የልጅነቱን ትዝታ ጻፈ። የታሪክ ምሁሯ ጄኒፈር ብራውን የእናትና የልጁን ጽሑፎች አዘጋጅታ በአንድ መጽሐፍ ያሳተመችው በ2014 ነው። ከባሏ የመጀመሪያ መጽሐፍ በኋላ 124 ዓመት መሆኑ ነው።

የያንግ መጻሕፍት የቅጂ መብታቸው ካለፈ ቆይቷል፣ በነጻ ይገኛሉ። ለማንበብ የምትፈልጉ ካላችሁ ከ2014ቱ ጀምሩ፣ ከእናትየውና ከልጁ። ከዚያ የውሾቹን አንብቡ። በታንኳና በውሻ ስላደረገው ጉዞ የሚናገረውን ትልቁን መጽሐፍ ከዚያ በኋላ ብታነሱት ይሻላል። ስታነቡት ቄሱ "ሰዎቼ" ብሎ በደፈናው የሚያልፋቸው ቦታዎች ላይ ቆም በሉ፤ ብዙ ጊዜ ከአንድ አንቀጽ በኋላ ስማቸውን ይጠራል።